ከሕዳሴ ግድብ በኋላ፦ የየአካባቢው ፍላጎት የኃይል ማመንጫ ምርጫን እንዴት ይወስናል?

ደጋና ቆላ (የውይይቱ ከፋች) · ጥቅምት 11 ቀን 2018 ዓ.ም.

የተከበራችሁ የመድረኩ ተሳታፊዎች፤

ታላቁ የኢትዮጵያ ሕዳሴ ግድብ ጳጉሜን 4 ቀን 2017 ዓ.ም. ከተመረቀ ወዲህ ስለ ኃይል በሚነሣ ውይይት ሁሉ አንድ ጥያቄ ይደመጣል፤ «5,150 ሜጋ ዋት የሚያመነጭ ግድብ ካለን ነፋሱ፣ ፀሐዩና የከርሰ ምድር እንፋሎቱ ከእንግዲህ ለምን ያስፈልጉናል?» የሚል። ጥያቄው የሚናቅ አይደለም። አገሪቱ ያላት የውጭ ምንዛሪ ውስን በመሆኑ አንዱን ስንገነባ ሌላውን ማቆየታችን አይቀርም። ይሁን እንጂ ጥያቄው የኃይል ፍላጎትን ከሞያሌ እስከ ሁመራ አንድ ወጥ አድርጎ ይወስዳል፤ እኔ የማልቀበለውም ይህንኑ ነው።

አንድ ሜጋ ዋት በወረቀት ላይ የትም ቦታ አንድ ሜጋ ዋት ነው። ተጠቃሚው ዘንድ ሲደርስ ግን ሰዓት፣ ወቅትና ሥራ ይኖረዋል። ደብረ ማርቆስ አካባቢ ባለ የገጠር ቀበሌ መብራት ሲገባ ከአምፖል ቀጥሎ የሚፈለገው ወፍጮና ምጣድ ነው። ጎዴ አካባቢ የሚፈለገው የውኃ ፓምፕና ማቀዝቀዣ ነው። ሰመራ ላይ በሰኔ ያለ ቬንቲሌተር ሌሊቱን ማሳለፍ ከባድ ነው። ሐዋሳ ኢንዱስትሪ ፓርክ ውስጥ ያለ ፋብሪካ ደግሞ ከሁሉ አስቀድሞ የሚፈልገው አለመቆራረጥን ነው፤ ለጥቂት ሰከንድ የጠፋ ኃይል ማሽኖቹን አስቁሞ ሥራውን እንደገና ከመጀመሪያው ያስጀምራል። ለእነዚህ ሁሉ መልሱ አንድ ዓይነት ማመንጫ ነው ብሎ መነሣት ፍላጎቱን ሳያዩ መፍትሔውን መወሰን ነው።

በ2011 ዓ.ም. የተሻሻለው ብሔራዊ የኤሌክትሪፊኬሽን ፕሮግራም ራሱ 65 በመቶ የሚሆነውን ሕዝብ በዋናው የኤሌክትሪክ መረብ፣ 35 በመቶውን ደግሞ ከመረብ ውጭ በሆኑ አማራጮች ለመድረስ ነበር ያቀደው። ስለዚህ አካባቢን መሠረት ያደረገ ምርጫ በፖሊሲው ውስጥ ቦታ አለው። የሚጎድለው፣ እንደኔ እይታ፣ በየአካባቢው ያለው ጭነት (ተጠቃሚዎች በአንድ ጊዜ የሚስቡት ኃይል) ምን እንደሚመስል በዝርዝር መነጋገሩ ነው። ስለዚህ ይህን እጠይቃለሁ፦ በምትኖሩበት ወይም በምትሠሩበት አካባቢ መብራት ሲገባ መጀመሪያ የሚሰካው ምንድን ነው? ጭነቱ የሚበዛውስ በየትኛው ሰዓትና በየትኛው ወር ነው?


የመስመር ሰው · ጥቅምት 11

ከፍታ የሚባለው ነገር በግዥ ጊዜ ብዙ ስለሚዘነጋ ከዚያ ልጀምር። አዲስ አበባ ከባሕር ጠለል በላይ በ2,300 ሜትር ገደማ ላይ ትገኛለች። አየሩ የሳሳ በመሆኑ ተርቦ (አየር ጨምቆ ወደ ሞተሩ የሚያስገባ መሣሪያ) የሌለው የናፍጣ ሞተር ከፍታው 300 ሜትር በጨመረ ቁጥር ከጉልበቱ 3 በመቶ ያህሉን ያጣል። በዚህ ስሌት 100 ኪሎ ቮልት አምፔር የሚል ሰሌዳ የተለጠፈበት ጀነሬተር አዲስ አበባ ላይ ሰማንያ ሳይሞላ ይቀራል። ሆቴሎችና ክሊኒኮች ሰሌዳውን ብቻ አይተው ይገዛሉ፤ ሊፍቱ፣ የውኃ ፓምፑና የልብስ ማጠቢያው አንድ ላይ ሲነሡ ሞተሩ ጥቁር ጭስ እያወጣ ፍጥነቱ ይወርዳል፤ ጥፋቱም በጀነሬተሩ ሻጭ ይሳበባል። ተርቦ ያለው ሞተር ጉዳቱን ይቀንሰዋል፤ ሆኖም ገዢው ከመግዛቱ በፊት የቦታውን ከፍታ ጠቅሶ መጠየቅ አለበት።

በነፋስም ረገድ ይኸው ሕግ ይሠራል። አየሩ ሲሳሳ ተርባይኑ ከዚያው ፍጥነት የሚያገኘው ጉልበት ያንሳል። በሌላ በኩል ጉልበቱ የሚያድገው በፍጥነቱ ኩብ ስለሆነ ነፋሱ በሰከንድ ከ7 ሜትር ወደ 8 ሜትር ከፍ ቢል የሚገኘው ጉልበት በግማሽ ያህል ይጨምራል። ተርባይኖቻችን ሸንተረር ፍለጋ የወጡት ለዚህ ነው። አዳማ 1 (51 ሜጋ ዋት) እና አዳማ 2 (153 ሜጋ ዋት)፣ እንዲሁም በመቐለ አቅራቢያ ያለው የ120 ሜጋ ዋቱ አሸጎዳ፣ ከከፍታው የሚያጡትን ከነፋሱ ፍጥነት መልሰው ያገኛሉ።

የፀሐይ ሰሌዳ ደግሞ ተቃራኒ ጠባይ አለው። በ25 ዲግሪ ተለክቶ የተጻፈው አቅም ሰሌዳው ከዚያ በላይ በሞቀ ቁጥር በየዲግሪው ከ0.3 እስከ 0.4 በመቶ ይቀንሳል። አፋር ላይ በቀትር የሰሌዳው ሙቀት 65 ዲግሪ ቢደርስ ከ12 እስከ 16 በመቶ የሚሆነው አቅም ይጠፋል ማለት ነው። ደጋው ላይ ብርዱ ሰሌዳውን ይጠቅመዋል፤ ነገር ግን ሐምሌና ነሐሴ ደመናው ይዘጋዋል። ስለዚህ ደጋ ላይ ሶላር የሚገጥም ሰው ባትሪውን በክረምቱ ልክ ማስላት ይኖርበታል፤ ቆላ ላይ የሚገጥመው ደግሞ ባትሪውን ከሙቀት መጠበቅ አለበት። የእርሳስ አሲድ ባትሪ ያለማቋረጥ ከሚመከረው በ10 ዲግሪ በላይ በሞቀ ቦታ ቢቀመጥ ዕድሜው በግማሽ ያህል ያጥራል። አንድ ዓይነት ዕቃ በአንድ ጨረታ ገዝቶ ለሁሉም ክልል ማከፋፈል የሚያስከትለውን ጉዳት ከዚህ መገመት ይቻላል።


የዋቢ ዳር · ጥቅምት 12

ሰላም ለእናንተ ይሁን። እኔ የምኖረው በሶማሌ ክልል በዋቢ ሸበሌ ዳር ነው፤ ሥራዬ የሶላር ፓምፕና ማቀዝቀዣ መሸጥና መግጠም ነው። ደጋና ቆላ ለጠየቁት ጥያቄ የእኛ አካባቢ መልስ ግልጽ ነው፤ መጀመሪያ የሚፈለገው ውኃ ነው።

ደንበኞቼ ስለ ዋት አይጠይቁኝም። የሚጠይቁኝ ፓምፑ በቀን ስንት በርሜል እንደሚያወጣና ጅላል በሚባለው ረጅሙ የበጋ ወቅት ይደክም እንደሆነ ነው። ብዙዎቹ ከዚህ በፊት የናፍጣ ፓምፕ ነበራቸው። ናፍጣው በበርሜል ተጭኖ ከሩቅ ይመጣል፤ መኪና የዘገየ ዕለት አትክልቱም ከብቱም ይጠማል። የሶላር ፓምፑ ግን ፀሐይ ስትወጣ ይነሣል፣ ቀትር ላይ ይበረታል፣ ሲመሽ ይቆማል፤ ውኃው ከፍ ባለ ማማ ላይ በተቀመጠ ሮቶ ይጠራቀምና ሌሊትና ማለዳ ይጠጣል። ባትሪ የሚባል ነገር የለበትም። የባትሪውን ቦታ ሮቶው ይዞታል፤ ሮቶ ደግሞ ባትሪ በሚደክምበት ፍጥነት አይደክምም። ጥሙ የሚበረታውም ሰማዩ በሚጠራባቸው ወራት ስለሆነ ፍላጎቱና ፀሐዩ አብረው ይመጣሉ።

ቀጥሎ ያለው ማቀዝቀዣ ነው። በንጋት የታለበ የግመል ወተት ገበያ ሳይደርስ ሙቀቱ ያበላሸዋል፤ ወተቱን የሚሰበስቡት ሴቶች ማቀዝቀዣ ባገኙበት ቦታ ግን በዕለቱ ያልተሸጠው ለማግስቱ ይተርፋል። ጤና ኬላዎች ላይ የምንገጥማቸው የክትባት ማቀዝቀዣዎችም በቀን ፀሐይ በረዶ ሠርተው ሌሊቱን በዚያው በረዶ የሚያሳልፉ ናቸው፤ እነርሱም ባትሪ አይፈልጉም።

የመስመር ሰው ስለ ሙቀት የጻፉት ትክክል ነው፤ እኔ የምጨምረው አቧራን ነው። ሰሌዳው ገና ሳይግል በማለዳ መጠረግ አለበት። የውኃ ኮሚቴው ለዚህ አንድ ሰው መድቦ ጥቂት የሚከፍልበት መንደርና ያልመደበበት መንደር ከጥቂት ወራት በኋላ የሚያገኙት ውኃ በጣም ይለያያል። ፍየሎችም ጥላ ፍለጋ ከሰሌዳው ሥር እየገቡ ሽቦውን ያላላሉ፤ ስለዚህ ከፓምፑ ጋር የአጥር ዋጋ አብሮ እንዲታሰብ ሁልጊዜ እመክራለሁ።


ወፍጮ ቤት · ጥቅምት 12

ከምሥራቅ ጎጃም ነኝ። ቤተሰቤ የወፍጮ ሥራ ላይ ስለሆነ የደጋውን ጭነት በቅርብ አውቀዋለሁ፤ የዋቢ ዳር ከገለጹት ጋር ፈጽሞ አይመሳሰልም።

እኛ ጋ መብራት ማለት ምጣድ ነው። አንድ የኤሌክትሪክ ምጣድ 3.5 ኪሎ ዋት ገደማ ይስባል። ሃያ ቤት በአንድ ጊዜ ቢጋግር 70 ኪሎ ዋት ማለት ነው፤ ይህም ለአንድ መንደር ታስቦ የሚተከለውን አነስተኛ የሶላር ጣቢያ ሙሉ አቅሙን ሊጨርስ ይችላል። ለፋሲካ ዋዜማ ደግሞ ሃያ ቤት ብቻ አይደለም የሚጋግረው፤ የቀበሌው ትራንስፎርመር በዚያን ቀን ሲወድቅ ያላየ የለም። የወፍጮው ሞተር ሲነሣ ለጥቂት ሰከንድ ከመደበኛው አምስትና ስድስት እጥፍ ይስባል። ኢንቨርተሩ (የሶላሩን ኃይል ለቤት ዕቃና ለሞተር ወደሚስማማ ኃይል የሚቀይረው መሣሪያ) ይህን ጉልበት ካልቻለ ወፍጮው አይነሣም፤ ወይም ሲነሣ የመንደሩ መብራት ሁሉ ይጠፋል።

ይህን የምጽፈው ሶላርን ለማጣጣል አይደለም። እናቶቻችን ዛሬም በእንጨትና በኩበት ይጋግራሉ፤ ጭሱ ዓይናቸውንና ሳንባቸውን ይጎዳል፤ ለጫካውም ትልቁ ሸክም ይኸው ምድጃ ነው። ለአንድ የደጋ መንደር መብራት ሰጠን ብሎ ምጣድ የማይችል መስመር መዘርጋት ሞባይል ቻርጅ ለማድረግና ልጆች በማታ እንዲያጠኑ ይረዳል፤ የዚያን ቤት ዋና ድካም ግን አይነካውም። ስለዚህ ደጋው የሚፈልገው ወይ ዋናውን መረብ ነው፣ ወይ ደግሞ ወንዝ ባለበት አነስተኛ የውኃ ማመንጫ ነው። ለአነስተኛው የውኃ ማመንጫ እንቅፋቱ የካቲትና መጋቢት ናቸው፤ በእነዚህ ወራት ትንንሾቹ ወንዞች ቀጥነው ተርባይን ለማዞር ያዳግታቸዋል።


አንድ መረብ · ጥቅምት 13

ውይይቱ ጥሩ ነው፤ ተቃራኒውን ሐሳብ ግን በሚገባው ልክ ላቅርብ።

ዛሬ አብዛኛው የአገሪቱ ዜጋ መብራት የሚያጣው በማመንጫ እጥረት ምክንያት ነው ብዬ አላምንም። ከሕዳሴ ግድብ ወደ ሆለታ 500 ኪሎ ቮልት መስመር ተዘርግቷል፤ ኃይሉ መሐል አገር ይደርሳል። የሚቀረው ከማከፋፈያ ጣቢያው እስከ ቆጣሪው ያለው መንገድ ነው፤ የዛገ ሽቦ፣ ያረጀ የእንጨት ምሰሶ፣ ከአቅሙ በላይ የተጫነ ትራንስፎርመር። እኔ በምኖርበት ሰፈር ትራንስፎርመር ሲቃጠል ለመተካት ብዙ ቀን ይፈጃል፤ በእነዚያ ቀናት ግድቡ ሙሉ መሆኑ ለማንም አይጠቅምም። ስለዚህ ያለውን የውጭ ምንዛሪ ለአዲስ ዓይነት ማመንጫ ከማዋል ይልቅ ለማሰራጫው ማዋል ይበልጥ ሰው ይደርሳል።

ሁለተኛ፣ ብዙ ዓይነት ቴክኖሎጂ ማለት ብዙ ዓይነት መለዋወጫና ብዙ ዓይነት ባለሙያ ማለት ነው። በውኃ ኃይል ከአባ ሳሙኤልና ከቆቃ ጀምሮ የተከማቸ የአገር ልምድ አለን። ነፋስና ፀሐይ ላይ ግን አብዛኛውን ዕውቀት ከአቅራቢው እንጠብቃለን። በ2019 እ.ኤ.አ. ለጋድና ለዲቼቶ የፀሐይ ጣቢያዎች የቀረበው የአሸናፊ ዋጋ በኪሎ ዋት ሰዓት 2.526 የአሜሪካ ሳንቲም ነበር፤ እጅግ ርካሽ ነው። ዋጋው ርካሽ ሆኖ ሳለ ግንባታው አልተከናወነም። ይህ የሚያሳየው ዋጋ ብቻውን ቴክኖሎጂን ወደ መሬት እንደማያወርድ ነው።


ናይሮቢ ነዋሪ · ጥቅምት 13

የኖርኩበት አገር ልምድ ለሁለቱም ወገን ይጠቅማል ብዬ አስባለሁ። ኬንያ እንደኛው በውኃ የጀመረች ናት፤ በታና ወንዝ ላይ የተደረደሩት ግድቦች ለረጅም ጊዜ አገሪቱን ይሸከሙ ነበር። በ1999 እ.ኤ.አ. የጀመረው ድርቅ ሲበረታ ግን ውኃው ጎደለ፤ በ2000 እ.ኤ.አ. ናይሮቢ ላይ ጠንካራ ፈረቃ ተጀመረ። ናይቫሻ አጠገብ ባለው ኦልካሪያ በ1981 እ.ኤ.አ. በ15 ሜጋ ዋት የተጀመረው የከርሰ ምድር እንፋሎት ከዚያ ወዲህ ትልቅ ትኩረት አገኘ፤ ዛሬ ከአገሪቱ የኤሌክትሪክ ምርት ከ40 በመቶ በላይ የሚሆነውን ይሸፍናል። ድርቅ አይነካውም።

የቱርካና ሐይቅ የነፋስ ጣቢያ ታሪክ ደግሞ ስለ ቦታ ብዙ ያስተምራል። 365 ተርባይኖች፣ 310 ሜጋ ዋት። ነፋሱ በሁለት ተራሮች መካከል ተጨምቆ ስለሚወጣ በዓለም ካሉት ጠንካራ ከሚባሉት ነው። ነገር ግን ነፋሱ ያለበት ቦታ ላይ ገዢ የለም፤ ኃይሉን ናይሮቢ አቅራቢያ ወዳለው የሱስዋ ማከፋፈያ ጣቢያ የሚያወጣው ከ400 ኪሎ ሜትር በላይ የሆነ መስመር የተጠናቀቀው ተርባይኖቹ ከተተከሉ ከአንድ ዓመት በላይ ቆይቶ ስለነበር አገሪቱ ላልተጠቀመችበት ኃይል ካሣ ለመክፈል ተገደደች። አንድ መረብ ስለ መስመር ያሉትን ይህ ያጠናክራል።

ሌላው ሰዓት ነው። ኬንያ ከኢትዮጵያ በወላይታ ሶዶ–ሱስዋ መስመር ከኅዳር 2015 ዓ.ም. ጀምሮ 200 ሜጋ ዋት ትገዛለች። እዚህ ጭነቱ የሚከብደው ከምሽቱ አንድ ሰዓት እስከ ሦስት ሰዓት ባለው ጊዜ ነው። ከእኩለ ሌሊት በኋላ ፍላጎቱ ስለሚወርድ የኦልካሪያ እንፋሎት ጥቅም ላይ ሳይውል ወደ አየር የሚለቀቅበት ጊዜ አለ፤ ነፋሱ ግን በሌሊትም ይነፍሳል። ስለዚህ ለእኛ ገዢ አገር የሚጠቅመው በምሽት ከፍ፣ በሌሊት ዝቅ ማለት የሚችል የውኃ ኃይል ነው። የሌሊት ነፋስ ይዞ ለሚመጣ ሻጭ ግን ገበያው ጠባብ ነው።


ደጋና ቆላ · ጥቅምት 14

አንድ መረብ ያነሡት የማሰራጫ ጉዳይ ከባድ ነው፤ አልከራከረውም። ግን «ውኃ ይበቃል» የሚለውን በዝናቡ ጂኦግራፊ እንየው።

በግንቦት 2011 ዓ.ም. በመላ አገሪቱ ፈረቃ የታወጀው በዋናነት የጊቤ 3 ውኃ ከሚጠበቀው በታች በመውረዱ ነበር። 1,870 ሜጋ ዋት አቅም ያለው ጣቢያ ነው፤ ውኃ ሲጎድል ግን አቅሙ በሰሌዳ ላይ ይቀራል። በዚያን ጊዜ ወደ ሱዳንና ወደ ጅቡቲ የሚሄደውም ኃይል እንዲቆም ተደረገ። ሕዳሴ ግድብ 74 ቢሊዮን ሜትር ኩብ ስለሚይዝ ከዓመት ወደ ዓመት ማሳለፍ ይችላል፤ ይህ ትልቅ ለውጥ ነው። ነገር ግን ዓባይም ተከዜም የሚሞሉት በአንድ ወቅት፣ በክረምት ዝናብ ነው። ኤልኒኖ በሚበረታበት ዓመት የሚደክመው ይኸው የሰሜንና የመካከለኛው አገር ክረምት ነው፤ በ2007 እና በ2008 ዓ.ም. ያየነው ድርቅ የዚህ ምሳሌ ነው። በዚያው ኤልኒኖ ግን የደቡብና የደቡብ ምሥራቅ የመጸው ዝናብ ይጨምራል። ገናሌ ዳዋ 3 (254 ሜጋ ዋት) የተተከለበት ተፋሰስ ዝናብ የሚያገኘው በጸደይና በመጸው፣ ሁለት ጊዜ ነው። ከሕዳሴ ጋር ሲነጻጸር አቅሙ ትንሽ ነው፤ ሰሜኑ በደረቀበት ዓመት ግን ያ 254 ሜጋ ዋት ከሌላው ጊዜ ይልቅ ይከብዳል። ስለዚህ በውኃ ውስጥ እንኳ የአካባቢ ልዩነት ዋጋ አለው።

ነፋሱም በደጋው ዳርቻ የሚበረታው በበጋ ወራት፣ ግድቦቹ እየጎደሉ በሚሄዱበት ጊዜ ነው። የአዳማ ተርባይኖች በጥርና በየካቲት ሲሽከረከሩ በዚያው መጠን ግድቡ ላይ ያለው ተርባይን ፍጆታውን ይቀንስና ውኃው ለግንቦት ይቆያል። ይህ ለነፋስ የተለየ ባትሪ ከመግዛት ያድነናል፤ ከተሞቻችንም በግንቦት የሚያስፈልጋቸውን ያገኛሉ።


የስምጥ ሸለቆ ሰው · ጥቅምት 14

የአሉቶ ላንጋኖን ነገር ማንም ስላላነሣው ላንሣው። ዝዋይና ላንጋኖ ሐይቆች መካከል ባለው ተራራ ላይ በ1980ዎቹ እ.ኤ.አ. ስምንት ጉድጓዶች ተቆፈሩ፤ በ1990ዎቹ ዓ.ም. መጀመሪያ 7.3 ሜጋ ዋት የሚያመነጭ የሙከራ ጣቢያ ተተከለ፤ ከዚያ ወዲህ ግን ጣቢያው ለረጅም ጊዜ ቆሞ የቆየበት ዘመን ይበዛል። ኦልካሪያ ከእኛ በተመሳሳይ ሸለቆ ላይ ሆኖ ይህን ያህል ሲርቅ ማየት ያሳዝነኛል፤ ምክንያቱ ግን ከመሬቱ ይልቅ በገንዘቡ ላይ ነው። አንድ ጉድጓድ ከሁለት ሺህ ሜትር በላይ ይቆፈራል፤ ወጪው በሚሊዮን ዶላር ይቆጠራል፤ ከታች እንፋሎት ይኑር አይኑር የሚታወቀው ከተከፈለ በኋላ ነው። ይህን አደጋ መንግሥት ካልተሸከመው ባለሀብት ደፍሮ አይገባም። በኬንያ ቁፋሮውን የተሸከመው የመንግሥት ተቋም ነው።

ከፍላጎት አንጻር ካየነው ስምጥ ሸለቆ ለእንፋሎት የተፈጠረ ገበያ አለው። ባቱ ዙሪያ ያሉት የአበባ እርሻዎች ሌሊትና ቀን ውኃ ይረጫሉ፣ አበባውን በቀዝቃዛ ክፍል ያስቀምጣሉ፤ የሐዋሳ ፋብሪካዎች በሦስት ፈረቃ ይሠራሉ። ይህ ሰዓት የማይመርጥ ጭነት ነው፤ እንፋሎትም ሰዓት አይመርጥም። ናይቫሻ አካባቢ ያለ የአበባ እርሻ ከጉድጓድ የሚወጣውን ሙቀት በቀጥታ ለመስታወት ቤቱ ይጠቀምበታል፤ ሌሊት ሲበርድ እርጥበቱን ያደርቅበታል፣ ፈንገስንም ይከላከልበታል። የባቱ እርሻዎች ከአሉቶ ጉድጓዶች ሩቅ አይደሉም። ሙቀቱን ሳንጠቀምበት ኤሌክትሪኩን ብቻ እያሰብን መቆየታችን የሚያስቆጭ ነው።


ወደብ ላይ · ጥቅምት 15

በአጭሩ ከጅቡቲ በኩል። እዚህ ከግንቦት እስከ መስከረም ያለው ሙቀት ከ40 ዲግሪ በላይ ይወጣል፤ የማቀዝቀዣ ጭነት በእነዚህ ወራት ከቀሪው ዓመት በጣም ይበልጣል። ከኢትዮጵያ ኃይል መግዛት የተጀመረው በ2003 ዓ.ም. ነው። የእኛ የሙቀት ወራትና የኢትዮጵያ ክረምት መገጣጠማቸው ለሁለቱም ይመቻል፤ ግድቦች በሚሞሉበት ጊዜ ገዢው በብዛት ይፈልጋል። ጅቡቲ ራሷም ጉቤት ላይ 60 ሜጋ ዋት የነፋስ ጣቢያ በ2023 እ.ኤ.አ. አስመርቃለች፤ የናፍጣ ማመንጫዎቿን ለመተካት። ድንበር ላይ ባለው በአይሻ የተተከለው የኢትዮጵያ የነፋስ ጣቢያም ከዚህ የራቀ አይደለም። ለአይሻ ነፋስ ከአዲስ አበባ ይልቅ ጅቡቲ ቅርብ ገበያ ናት።


አንድ መረብ · ጥቅምት 15

ናይሮቢ ነዋሪና ወደብ ላይ ያቀረቡት የወቅትና የሰዓት ነገር ጠንካራ ነው፤ የገዢዎቻችንን ሰዓት ማወቅ ለዋጋ ድርድርም ይረዳል። አቋሜ ግን ቅደም ተከተሉ ላይ ነው። የዋቢ ዳር ለገለጹት ዓይነት መንደር መስመር እስኪደርስ መጠበቅ ፍትሕ አይደለም፤ በዚህ እስማማለሁ። ለወፍጮ ቤት መንደር ግን ጊዜያዊ ሶላር ተክሎ «መብራት ገብቷል» ተብሎ በሪፖርት ላይ መጻፉ መረቡን ከወረፋው ወደ ኋላ ይገፋዋል ብዬ እሰጋለሁ። ደግሞም ጥያቄ አለኝ፤ ለአንድ መንደር የተተከለ የሶላር ጣቢያ ዋናው መረብ ሲደርስ ምን ይሆናል?


የዋቢ ዳር · ጥቅምት 16

ለጥያቄዎ ያየሁትን ልናገር። መስመሩ በቀጭን ሽቦ፣ ከአካባቢው በተቆረጠ አጭር ምሰሶ የተሠራ ከሆነ መረቡ ሲመጣ ሁሉም ይነቀላል፤ ሰሌዳዎቹም ተበታትነው ይቀራሉ። ከዚያ በፊት ደግሞ ሌላ ችግር አለ፤ ኢንቨርተር ሲበላሽ መለዋወጫው እኛ ጋ የለም። ከአዲስ አበባ እስኪመጣ፣ እዚያም ከሌለ ከውጭ እስኪገባ መንደሩ ጨለማ ውስጥ ይቆያል። ፓምፖቹ ላይ ይህ የቀለለው በየወረዳው አንድ ዓይነት መቆጣጠሪያ መጠቀም ከጀመርን ወዲህ ነው፤ የአንዱ ሲበላሽ የሌላውን ትርፍ እናውሰዋለን፤ ወጣቶቹም አንዱን መጠገን ከተማሩ ሁሉንም ይጠግናሉ።


የመስመር ሰው · ጥቅምት 16

አንድ መረብ ለጠየቁት የቴክኒክ መልሱ ይህ ነው። የመንደሩ መስመር ከመጀመሪያው በመረቡ ደንብ ከተሠራ፣ ማለትም 220 እና 380 ቮልት፣ ሦስት ፌዝ፣ የሽቦው ውፍረትና የምሰሶው ቁመት እንደ ኤሌክትሪክ አገልግሎቱ መስፈርት ከሆነ፣ መረቡ ሲደርስ የሚቀረው አንድ ትራንስፎርመርና አንድ ማገናኛ ብቻ ነው። የመንደሩ ነዋሪ አዲስ ቆጣሪ ሳያስፈልገው ምጣዱን መሰካት ይችላል። የሶላር ጣቢያው መነቀል የለበትም፤ ኢንቨርተሩ ከመረብ ጋር ተናብቦ መሥራት የሚችል ተደርጎ ከተገዛ በቀን ኃይሉን ወደ መስመሩ ይሰጣል። ከማከፋፈያ ጣቢያ በጣም የራቁ መስመሮች ጫፍ ላይ ቮልቴጁ ስለሚወድቅ ወፍጮ ለማንሣት ይቸገራሉ፤ ጫፉ ላይ ያለ የሶላር ጣቢያ በቀን ያንን ቮልቴጅ ደግፎ ይይዘዋል፤ ወፍጮም በአብዛኛው የሚሠራው በቀን ነው።

ለዚህ የሚጨምረው ወጪ በዋናነት የሽቦውና የምሰሶው ነው። የዚያን ወጪ ግምት በየአካባቢው ርቀት ከፋፍዬ በሚቀጥለው ሳምንት እዚሁ አቀርባለሁ፤ የዋቢ ዳርና ወፍጮ ቤት በየአካባቢያቸው የሚያውቁትን የአንድ መንደር የቤት ብዛትና ከቅርቡ መስመር ያለውን ርቀት ቢልኩልኝ ስሌቱ ከእውነታው ጋር ይቀራረባል።